በረዶውን ማን ጠራው?

በፈረንጆች አቆጣጠር ኦገስት 3 ቀን 1562። በደቡብ ምዕራብ ጀርመን፣ በስቱትጋርት ዙሪያ፣ በጠራራ የበጋ ቀን ሰማዩ ድንገት ጠቆረና በረዶ ወረደ። የወይን ተክሉን ገነጣጠለ፣ የደረሰውን እህል ከአፈር ደባለቀ፣ ጣሪያ ነደለ፣ ከብት ገደለ። በማግስቱ ሰዉ የጠየቀው «ምን ሆነ?» ብሎ ሳይሆን «ማን አደረገው?» ብሎ ነው።

መልሱም ተዘጋጅቶ ይጠብቅ ነበር። ወቅትን የሚገለብጥ፣ በበጋ ውርጭ የሚጠራ ድግምት አለ ተብሎ ይታመናል። ድግምቱን የሚያውቁት ደግሞ ጎረቤት ያሉ ሴቶች ናቸው ይባላል።

እዚህ ላይ ልብ በሉልኝ። ያው አንድ በረዶ ሁለት የተለያየ ታሪክ አስከተለ። በትንሿ የዊዘንሽታይግ ግዛት ገዢው ኮንት ኡልሪሽ ፎን ሄልፈንሽታይን ሴቶችን አስይዞ አስገረፈ። የተገረፈች ሌላዋን ጠራች፣ የተጠራችውም ሌላዋን። በ1563 የታተመ አንድ በራሪ ጽሑፍ የተገደሉትን 63 ያደርሳቸዋል። ብዙም በማትርቀው የኤስሊንገን ከተማም ቶማስ ናዖጊዮርጉስ የሚባል ሰባኪ ሕዝቡን ቀስቅሶ ሴቶች ታስረው ነበር። የከተማው ምክር ቤት ግን ሰባኪውን ገሠጸ፣ ሴቶቹንም ለቀቀ። በስቱትጋርት ደግሞ አልበርና ቢደምባህ የሚባሉ ሁለት የሉተራን ሰባኪዎች «በረዶ የሚያወርድ እግዚአብሔር እንጂ ጠንቋይ አይደለም» እያሉ ሰበኩ። (እነሱም ቢሆኑ ከሰይጣን ጋር ተዋውላለች የተባለች ሴት ትቀጣ ከማለት አልተመለሱም። ከዘመናቸው ሙሉ በሙሉ አልወጡም።)

የሁለቱም ቦታ ገበሬ ያው ነው። የተለያየው ከላይ የተቀመጠው ሰው ነው።

ብዙ ጊዜ ይህን ታሪክ «ያልተማረ ሕዝብ የፈጠረው» ብለን እናልፈዋለን። እኔ በዚህ አልስማማም። ወደኋላ 750 ዓመት ገደማ እንሂድ። በዘጠነኛው መቶ ዘመን መጀመሪያ የሊዮን ሊቀ ጳጳስ የነበረው አጎባርድ ስለዚሁ ስለ በረዶ ድግምት መጽሐፍ ጽፏል። የአካባቢው ሰው ነጎድጓድ በሰማ ቁጥር «የተጠራ ነው» ይላል። በረዶውን እናስቀራለን ለሚሉ ሰዎችም ከእህሉ ይሰፍርላቸዋል፤ የቤተ ክርስቲያን አሥራት ሲጠየቅ ግን ያንገራግራል። አጎባርድን ያናደደው አንዱ ነገር ይኸው ነው። በእኛም አገር በረዶ መላሽ የሚባል ሰው ወሬ እንግዳ ስላልሆነ ነገሩ የሚገባን ይመስለኛል።

አንድ ቀን ሕዝቡ ሦስት ወንዶችና አንዲት ሴት አስሮ አመጣለት። ማጎኒያ ከሚባል አገር በደመና ላይ በሚሄድ መርከብ በረዶ የጣለውን እህል ሊጭኑ መጥተው የወደቁ ናቸው ተባለ። ሊወግሯቸው ነው። አጎባርድ ተከራክሮ አስጣላቸው። ሌላም ይተርካል። ከብት ባለቀ ጊዜ «የቤኔቬንቶው መስፍን ሰዎች መርዝ አቧራ በተኑ» ተብሎ ሰዎች ተይዘው ተገደሉ። እሱም፣ አገሬው በሙሉ በጋሪ ቢያመላልስ እንኳ ይህን ሁሉ መሬት የሚያዳርስ አቧራ ከየት ይመጣል፣ ደግሞስ ሌላውን እንስሳ ትቶ ከብት ብቻ የሚገድለው እንዴት ነው ብሎ ጠየቀ። ከሁሉ የገረመው የተያዙት ራሳቸው «አዎ፣ በትነናል» ማለታቸው ነበር።

ስለዚህ በዘጠነኛው መቶ ዘመን የተማረው ሰው እሳቱን ያጠፋ ነበር። በ15ኛው መቶ ዘመን መጨረሻ ግን ነገሩ ተገለበጠ። በ1484 ጳጳስ ኢኖሰንት 8ኛ ጠንቋዮች ሰብልና ወይን ያጠፋሉ የሚል አዋጅ አወጡ። ብዙም ሳይቆይ መርማሪው ሃይንሪሽ ክራመር የጠንቋይ አደን መመሪያ መጽሐፉን አሳተመ። መጽሐፉ በረዶና ማዕበል እንዴት እንደሚጠሩ የሚያስረዳ ምዕራፍ ሳይቀር አለው። የመንደር ሐሜት ማኅተም ተመታበት፣ ሕግ ሆነ፣ ዳኛ የሚጠቅሰው ማስረጃ ሆነ።

ከዚያ የአየሩ ጠባይ ተበላሸ። ዛሬ ተመራማሪዎች «ትንሹ የበረዶ ዘመን» በሚሉት ረጅም የቅዝቃዜ ጊዜ ውስጥ፣ በተለይ ከ1560ዎቹ ጀምሮ፣ የአልፕስ የበረዶ ግግር ወደ ታች ገፋ፣ ክረምቱ ረዘመ፣ እህል ተወደደ። ወቅቱ በእርግጥ ተዛብቶ ነበር። ገበሬው ያየውን አልዋሸም፤ ምክንያቱን ነው የተሳሳተው። አንድ ላም ብትሞት አንድ ቤት ያዝናል። ውርጭ ሲወርድ ግን መንደሩ በሙሉ ከሳሽ ይሆናል፤ ያኔ እንቢ የሚል ገዢ ከየት ይገኛል?

በሜይ 1626 ማብቂያ፣ ወይኑ ሊያብብ ሲል፣ በፍራንኮንያ ከባድ ውርጭ ወርዶ ወይኑንና አጃውን አቃጠለ። በባምበርግና በቩርዝቡርግ ገዢዎቹ ጳጳሳቱ ራሳቸው ነበሩ። በቀጣዮቹ ዓመታት በሁለቱ ግዛቶች በመቶዎች የሚቆጠሩ ሰዎች ተገደሉ። ስም ማስጠራቱ ከድሃ ሴቶች ተጀምሮ ወደ ሹማምንቱ ወጣ።

ከነዚያ አንዱ የባምበርግ ከንቲባ ዮሐንስ ዩኒየስ ነበር። በጁላይ 1628 ከእስር ቤት ለልጁ ለቬሮኒካ በድብቅ ደብዳቤ ጻፈ። ጣቶቹ በማሠቃያ መሣሪያ ስለተሰባበሩ ደብዳቤውን ለመጨረስ ቀናት ፈጅቶበታል። ንጹሕ መሆኑን ነገራት። ገራፊው ራሱ «እውነት ይሁን ውሸት፣ የሆነ ነገር ብቻ ተናዘዝ፣ ካልሆነ አይለቁህም» ብሎ እንደለመነው፣ እሱም ፈጥሮ እንደተናገረ፣ ስም ጥራ ሲሉትም ሰዎችን እንደጠራ ጻፈላት። ደብዳቤውን እንድትደብቅ፣ ላመጣላት ሰውም አንድ ታለር እንድትሰጠው አደራ አላት። ደብዳቤው ዛሬም በባምበርግ ቤተ መጻሕፍት ይገኛል።