ከመድረክ እስከ ሲኒማ፦ የአቶ ደበበ እሸቱ ሙያ

ተዋናይነት በተፈጥሮ የሚገኝ ስለሆነ ትምህርት አያሻውም የሚሉ ብዙዎች ናቸው። አንዳንድ ወላጆችም ልጃቸው ቴአትር ልማር ቢላቸው «አዝማሪ ልትሆን ነውን?» ብለው ይቆጣሉ። የአቶ ደበበ እሸቱ የሥራ ታሪክ ለሁለቱም ወገን መልስ ይሰጣል።

በ1948 ዓ.ም. የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር በአዲስ አበባ ተከፈተ። ይህም በኋላ ብሔራዊ ቴአትር የተባለው ነው። ነገር ግን ያማረ ሕንፃ ያለ ሠለጠነ ተዋናይ ባዶ አዳራሽ ነው። ስለዚህ በተከታዮቹ ዓመታት ወጣቶች ሙያውን በውጭ አገር ተማሩ፤ አቶ ተስፋዬ ገሠሠ በአሜሪካ፣ አቶ ደበበ እሸቱና አቶ ወጋየሁ ንጋቱ በሃንጋሪ።

የመድረክ ተዋናይ ድምፁን እስከ ኋለኛው ወንበር ማድረስ፣ ትንፋሹን መመጠን፣ ረጅም ቃለ ተውኔት በቃሉ መያዝ አለበት። በሲኒማ ግን ካሜራው ከፊቱ አጠገብ ስለሚቆም፣ በመድረክ ላይ ያማረው እንቅስቃሴ በዚያ ይበዛል። ሁለቱን ማስማማት ከባድ ነው።

አቶ ደበበ በ1965 ዓ.ም. በወጣውና በከፊል በኢትዮጵያ በተነሣው «ሻፍት በአፍሪካ» በተባለው የአሜሪካ ፊልም ዋሳ የተባለውን ሰው ሆነው ተጫወቱ። ከ41 ዓመት በኋላ፣ በ2006 ዓ.ም.፣ ባዚ ጌቴ በእስራኤል ባዘጋጀው «ቀይ ቅጠሎች» የዋናውን ሰው ቦታ ያዙ። ፊልሙ የሼክስፒርን «ንጉሥ ሊር» መነሻ ያደረገ ነው። ሚስታቸው የሞቱባቸው አንድ ኢትዮጵያዊ ሽማግሌ ቤታቸውን ሸጠው ተራ በተራ በልጆቻቸው ቤት ይኖራሉ፤ የቀድሞ ክብራቸውን ግን በዚያ አያገኙትም።

የሼክስፒር ንጉሥ በማዕበል መካከል ይጮኻል። እኚህ ሽማግሌ ግን ጥቂት ይናገራሉ፤ ያንንም አብዛኛውን ጊዜ በአማርኛ። ድምፁን ለትልቅ አዳራሽ ያሠለጠነ ተዋናይ በእርጅናው ዘመን ሙሉ ፊልም በዝምታ ተሸከመ። ይህ በዕድል አይገኝም። መቼ መናገር፣ መቼ ዝም ማለት እንደሚገባ ለይቶ ማወቅ የረጅም ዘመን የሥራ ፍሬ ነው።

እኛም የጎበሳ ተማሪዎች ለወላጆች ቀን ቴአትር ስናዘጋጅ ይህን ልብ እንበል፤ ቃለ ተውኔቱን ደጋግመን እናጥና፣ ልምምድ አንቅር። ወላጆችም ልጃቸው ይህን ሙያ ቢመርጥ፣ እንደ ማንኛውም ትምህርት ትጋት የሚጠይቅ የተከበረ ሥራ መሆኑን አውቀው ያበረታቱት።