ድምፅ የሚዋጥበት አገር

በተረት ዓለም አንድ አገር አለ እንበል። በዚያ አገር ወንዙ ይወርዳል፣ ግን አያጓራም፤ ከብቱ አፉን ይከፍታል፣ ግን አይጮኽም፤ እናት ልጇን ትጣራለች፣ ልጁ ግን አይሰማም። ተመልካች እንዲህ ያለውን አገር በመድረክ ላይ ቢያይ የደራሲው ምናብ የወለደው ነው ብሎ ያልፈዋል። ይሁን እንጂ የታሪክ መዝገብ ሲገለጥ ይህ አገር በካርታ ላይ ቦታ ያለው ሆኖ ይገኛል። ቦታውም ከደሴ ወደ መቀሌ በሚወስደው አውራ ጎዳና ላይ፣ በውርጌሳ፣ በመርሳና በወልድያ በኩል ነው፤ ዘመኑም 1965 ዓ.ም. ነው።

ነገሩን መራራ የሚያደርገው ወሎ ከቶውንም ድምፅ አልባ ምድር አለመሆኑ ነው። ከአራቱ የሙዚቃ ቅኝቶቻችን ሁለቱ፣ ባቲና አምባሰል፣ ስማቸውን የወሰዱት ከዚሁ ምድር ነው፤ አምባሰልማ የሀብሩ ጎረቤት ነው። መንዙማው፣ እንጉርጉሮው፣ የአዝማሪው መሰንቆ ሁሉ ከዚያ ሲፈልቅ ኖሯል። የመዲናይቱም ጆሮ የወሎን ዜማ ጠንቅቆ ያውቅ ነበር። ዜማውን የሰማ ጆሮ ግን ጣሩን አልሰማም። ለምን?

በ1964 ዓ.ም. የክረምቱ ዝናብ ከዳ። ተከትሎ የመጣው የ1965 ዓ.ም. በልግም አልሰመረም። ጎተራው የተራቆተበት ገበሬና ጭሰኛ በመጀመሪያ በጉንና ፍየሉን፣ ቀጥሎም የእርሻ በሬውን ሸጠ። የሚሸጠው ሲያልቅ ቤቱን ዘግቶ ወደ አስፋልቱ ወረደ። በኅዳር ወር 1965 ዓ.ም. መጨረሻ ገደማ አንድ ሺህ ያህል ሰዎች ያንኑ ጎዳና ተከትለው አዲስ አበባ ደርሰው ስለነበር ቀይ መስቀል ሊረዳቸው ይጣጣር ነበር። በቀጣዮቹ ወራት ወንዱ፣ ሴቱና ሕፃኑ በመንገድ ዳር ተሰልፎ አውቶቡስና መኪና እያስቆመ ምግብ ይለምን ጀመር። እንግዲህ ረሃቡ በጓዳ የተደበቀ አልነበረም፤ በአገሪቱ ዋና ጎዳና ላይ ቆሞ እጁን ዘርግቶ ነበር። ድምፁ የተዋጠው ከዚያ በኋላ ነው።

የመጀመሪያው ዋጭ የአስተዳደሩ መሰላል ነበር። ከወረዳ ወደ አውራጃ፣ ከአውራጃ ወደ ጠቅላይ ግዛት፣ ከዚያም ወደ ቤተ መንግሥት የሚያመራው ወሬ በየደረጃው እየለዘበ ይወጣል። «ሰማይ አይታረስ፣ ንጉሥ አይከሰስ» በሚባልበት ሥርዓት ስለ ሕዝብ ረሃብ መናገር ንጉሡን እንደ መክሰስ ይቆጠር ነበርና እያንዳንዱ ሹም ከበላዩ ላለው የሚጥመውን ብቻ አቀበለ። ጋዜጣውና ራዲዮውም በመንግሥት እጅ ስለነበሩ የመሰላሉን ዝምታ ደገሙት። በመዲናይቱ የነበሩ የውጭ ለጋሾችና ዓለም አቀፍ ድርጅቶችም አብዛኞቹ መንግሥቱን ላለማስቀየም አፋቸውን ይዘው ከረሙ።

ሁለተኛው ዋጭ ገበያው ነው። የምጣኔ ሀብት ሊቁ አማርትያ ሴን በ1981 እ.ኤ.አ. ባሳተመው ጥናት እንዳመለከተው፣ በዚያ ዓመት የአገሪቱ ጠቅላላ የምግብ ምርት ይህን ያህል አላሽቆለቆለም፤ በደሴ ገበያም የእህል ዋጋ እምብዛም አልናረም። እህል የጫነ መኪና እንዲያውም ከወሎ ወደ አዲስ አበባና ወደ አስመራ ይወጣ ነበር። ምሥጢሩ ግልጽ ነው፤ ገበያ የሚሰማው የሆድን ጩኸት ሳይሆን የኪስን ነው። በሬውን ሸጦ የጨረሰ ገበሬ ገበያ ላይ ድምፅ የለውም፤ ስለዚህ እርሱ ሲራብ ዋጋው እንኳ አልጮኸለትም።

ዝምታውን ለመስበር ከተነሡት መካከል ፕሮፌሰር መስፍን ወልደ ማርያምን ጨምሮ የዩኒቨርሲቲ መምህራን ይገኙበታል። እነርሱ በ1965 ዓ.ም. ወደ ወሎ ወርደው ያነሷቸውን ፎቶግራፎች በዩኒቨርሲቲው ለእይታ አቀረቡ። ጥቅምት 8 ቀን 1966 ዓ.ም. ደግሞ እንግሊዛዊው ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ የሠራው ፊልም በብሪታንያ ቴሌቪዥን ታየ። ፊልሙ «ያልታወቀው ረሃብ» ተባለ። ያልታወቀው ለማን ነው? የመርሳ ሰው ያውቀው ነበር፤ በወልድያ የሚያልፍ ሾፌርም ያውቀው ነበር። ያልታወቀው ሊያውቅ ላልፈለገ ጆሮ ነው። ያው ፊልም ከቤተ መንግሥት የግብዣ ትዕይንቶች ጋር ተቀናጅቶ በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ታየ፤ በማግሥቱ ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋን ወረዱ። የሟቾቹን ቁጥር አንዳንዱ 40,000፣ ሌላው 200,000 ይለዋል። የግምቱ መራራቅ ራሱ ምስክር ነው፤ ማንም ቆሞ አልቆጠራቸውም።

በዚያ ፊልም ዙፋን የጣለው መንግሥት ከታሪኩ ተምሮ ቢሆን መልካም ነበር። ነገር ግን የእርዳታ ማስተባበሪያ ኮሚሽን በ1976 ዓ.ም. ለዓለም ማስጠንቀቂያ አሰምቶ ሳለ፣ በመስከረም 1977 ዓ.ም. መዲናይቱ የአብዮቱን ዐሥረኛ ዓመትና የፓርቲውን ምሥረታ በሰልፍና በመፈክር ታከብር ነበር። ከወልድያ በስተ ሰሜን በኮረም የተከማቸው ሕዝብ ጣር የተሰማው ማይክል ቡርክና መሐመድ አሚን የቀረጹት ምስል ጥቅምት 13 ቀን በቢቢሲ ከታየ በኋላ ነው። ቀድሞ ድምፅ በዝምታ ተዋጠ፤ አሁን ደግሞ በከበሮ። ውጤቱ አንድ ሆነ፤ የኛው ሕዝብ ጩኸት እንደገና ባሕር ተሻግሮ ተመለሰልን።

በ2013 ዓ.ም. ነሐሴ ወር ጦርነቱ ወልድያን ሲይዝ ደግሞ የስልክ መስመር ተቋረጠ። እስከ ታኅሣሥ 2014 ዓ.ም. ድረስ በአዲስ አበባም ሆነ በባዕድ አገር ያለ ወገን የእናቱን ድምፅ ለመስማት እየደወለ የሚሰማው ዝምታን ብቻ ነበር። መንሥኤው ሌላ ቢሆንም ጎዳናው ያው ነው፤ የተዋጠውም የዚያው ሕዝብ ድምፅ ነው።

ከዚህ ታሪክ የምንወስደው ትምህርት አንድ ነው። ድምፅ የሚዋጥበት አገር የተፈጥሮ ሥራ አይደለም፤ ዋጭ አለው። ዋጩም ሁልጊዜ ጨካኝ ገጽ ያለው አይደለም፤ ሪፖርቱን የሚያለዝብ ጸሐፊ፣ ለበዓሉ የሚገጥም ባለቅኔ፣ የዜማውን ውበት አድንቆ የዘፋኙን ሆድ የማይጠይቅ አድማጭም ዋጭ ነው። አስተዳዳሪው ከበታቹ የሚጎረብጥ ቃል ሲመጣለት እንዲያመሰግን፣ መምህሩ እነዚህን ዓመታት ለተማሪዎቹ በስማቸው እንዲጠራቸው፣ ከያኒውም ካሜራ ከባሕር ማዶ እስኪመጣ እንዳይጠብቅ ታሪክ ግድ ይላል።

ዛሬ በመርሳ የሚያልፍ መንገደኛ በመንገድ ዳር የሀብሩን ፍራፍሬ ለመግዛት መኪናውን ያቆማል። ነጋዴዎቹም በደማቅ ድምፅ ይጣሩታል። በዚያው አስፋልት ላይ በ1965 ዓ.ም. የተዘረጉት እጆችም መኪና አስቁመው ነበር። ብርቱካኑን የሚቀበል መንገደኛ ያንን ጊዜ ቢያስታውስ፣ የነጋዴዎቹን ጥሪ ከዚህ ቀደም ሰምቶት በማያውቅ ጆሮ ይሰማዋል።