ዲክ ግሪጎሪ፦ ቀልዱን ይዞ ሚሲሲፒ የወረደው ሰው

(ዓመታቱ በሙሉ እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።)

ጃንዋሪ 13 ቀን 1961፣ ቺካጎ። ብርዱ አጥንት ድረስ ይገባል። አንድ የ28 ዓመት ጥቁር ወጣት በመንገዱ ዳር እየሮጠ ነው። የአውቶቡስ ሳንቲም እንኳ ከሰው ተበድሮ ነው የመጣው፤ ያውም የተሳሳተ ፌርማታ ላይ ወርዷል። የሚሮጠው የነጭ ሀብታሞች መዝናኛ ወደሆነው ፕሌይቦይ ክለብ ነው። የዕለቱ ቀልደኛ በመቅረቱ በእሱ ቦታ እንዲሠራ ተጠርቷል። ክፍያው 50 ዶላር።

ደርሶ በሩን ሲያልፍ የቤቱ ሰዎች ሐሳባቸውን ለውጠው ጠበቁት። ለካ በዚያ ምሽት አዳራሹን የሞሉት ከደቡብ ክፍለ ግዛቶች የመጡ የበረዶ ምግብ ኩባንያ ሰዎች ኖረዋል። ደቡብ ማለት በዚያን ጊዜ ጥቁርና ነጭ ከአንድ ቧንቧ ውሃ የማይጠጡበት አገር ነው። ለእነዚህ ሰዎች ጥቁር ቀልደኛ ማቅረብ ጣጣ ያመጣል ብለው ፈሩና ሥራው ቢቀርበት እንደሚሻል ነገሩት። እሱ ግን በብርዱም በሩጫውም ተናዶ ስለነበር ጆሮ አልሰጣቸውም። ቀጥ ብሎ ወደ መድረኩ ወጣ።

መጀመሪያ ላይ ከታች የሚወረወር ነገር አልጠፋም። እሱ ግን አልተሳደበም፣ አልተለማመጠም። እየሳቀ መለሰላቸው። በደቡብ አንድ ምግብ ቤት ገብቶ አስተናጋጇ "እዚህ ጥቁር አናቀርብም" ስትለው፣ እሱም ጥቁር እንደማይበላ፣ ዶሮ ብታመጣለት እንደሚበቃው መመለሱን አወራቸው። የተሰደበው ሰው ሳይቆጣ ተሳዳቢውን መሳቂያ ሲያደርግ ያዩት ነጋዴዎች በራሳቸው ሕግ ሳቁ። ምሽቱ ሲያበቃ አጨበጨቡለት። የክለቡ ባለቤት ሂዩ ሄፍነርም ለተጨማሪ ሳምንታት ቀጠረው። ብዙም ሳይቆይ ታይም መጽሔት ስለ እሱ ጻፈ። ሪቻርድ ክላክስተን ግሪጎሪ፣ በአጭሩ ዲክ ግሪጎሪ፣ በአንድ ሌሊት አሜሪካ የሚያውቀው ሰው ሆነ።

በአንድ ሌሊት ይባል እንጂ መንገዱ ረጅም ነበር።

ግሪጎሪ በ1932 በሴንት ሉዊስ ከተማ፣ ሚዙሪ ተወለደ። አባቱ ቤቱን ትቶ የሚሄድ ሰው ነበር። እናቱ ሉሲል በነጮች ቤት ተቀጥራ እየሠራች ስድስት ልጆች አሳደገች። ቤቱ ብርድ ነው፤ ጓዳው ባዶ ነው። የሰፈር ልጆች በድህነቱ ሲያላግጡበት አንድ ነገር ገባው፦ በራስህ ላይ መጀመሪያ የቀለድከው አንተ ከሆንክ ሌላው የሚቀልድብህ ነገር አይተርፈውም። ሳቁ አንዴ ወዳንተ ከዞረ ደግሞ ወደፈለግክበት ልትመራው ትችላለህ። የግሪጎሪ ሙያ እዚያ ተወለደ። ጥርስ ባዳ ነው፣ ሆድ እያረረ ይስቃል እንደሚባለው ነው።

በሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ጎበዝ ሯጭ ነበር። ሩጫው በሳውዘርን ኢሊኖይ ዩኒቨርሲቲ የነፃ ትምህርት ዕድል አስገኘለት። እናቱ ግን እሱ ኮሌጅ ሳለ ሞተች። በ1954 ለውትድርና ተመለመለ። ቀልዱ በሠራዊቱ የተሰጥኦ ውድድሮች መድረክ ላይ ወጣ፤ አሸነፈም። ከዚያ ቺካጎ ገብቶ ቀን ቀን በፖስታ ቤት ደብዳቤ ይለይ፣ ማታ ማታ በጥቁሮች መጠጥ ቤቶች ይቀልድ ጀመር። ወደ ሚሲሲፒ የሚሄደውን ደብዳቤ "የውጭ አገር" በሚለው ሳጥን ይከት እንደነበር በኋላ ሲያወራ ሰው ያስቅ ነበር። ቀልዱ ውስጥ ያለው ወርቅ ግልጽ ነው፦ ሚሲሲፒ ለጥቁር አሜሪካዊ ባዕድ አገር ናት።

የግሪጎሪን አዲስነት ለመረዳት ከእሱ በፊት የነበረውን ማወቅ ያስፈልጋል። ጥቁር ቀልደኞች ድሮም ነበሩ፤ ድንቅ ድንቆችም ነበሩ። ግን የሚሠሩት በአብዛኛው በጥቁሮች ቲያትር ቤቶች ነው። ነጭ ፊት ሲቀርቡ የሚፈለግባቸው መዝፈን፣ መደነስ፣ ጅል መምሰል ነበር። ቁሞ፣ ሙሉ ልብስ ለብሶ፣ ሲጋራውን ይዞ፣ ነጭን ተመልካች ዓይን ዓይኑን እያየ ስለ ጋዜጣው ዜና የሚያወራ ጥቁር አልተለመደም። ዳንስ ስታይ ዳንሰኛውን ከአንተ በታች አድርገህ ማየት ትችላለህ። አስተያየት የሚሰጥህን ሰው ግን ሳትወድ በግድ እንደ እኩያ ታዳምጠዋለህ። ግሪጎሪ የሰበረው ይህንን አጥር ነው። ሪቻርድ ፕራየርን የመሳሰሉ ከእሱ በኋላ የመጡ ታላላቆች በሩን የከፈተው እሱ እንደሆነ መስክረዋል።

ይህ ጉዳይ በአንድ ሶፋ ላይ ጎልቶ ታየ። በጊዜው እጅግ የታወቀው የጃክ ፓር የቴሌቪዥን ፕሮግራም ጋበዘው። ግሪጎሪ እምቢ አለ። ምክንያቱ ጥቁር አርቲስቶች ሥራቸውን አቅርበው ከመሄድ በስተቀር ከአዘጋጁ ጋር ሶፋ ላይ ተቀምጠው እንዲጫወቱ አይጋበዙም ነበር። ፓር ራሱ ደውሎ ሲጠይቀው ካልተቀመጥኩ አልመጣም አለው። ተፈቀደለት። ተቀምጦም ስለ ልጆቹ አወራ። በአሜሪካ ሳሎኖች ያሉ ብዙ ነጮች አንድ ጥቁር አባት እንደነሱው ስለ ልጆቹ ሲያወራ ሲሰሙ የመጀመሪያቸው ነበር። ከዚያ በኋላ ክፍያው በብዙ እጥፍ አደገ።

እስከዚህ ድረስ ያለው የብዙ አርቲስቶች ታሪክ ነው። ድሃ ነበር፣ ጣረ፣ ተሳካለት። የግሪጎሪ ታሪክ ለየት የሚለው ከዚህ በኋላ ነው።

በ1962 መጨረሻ ሜድጋር ኤቨርስ የተባለው የሚሲሲፒ የመብት ታጋይ በጃክሰን ከተማ በሚደረግ የመራጮች ምዝገባ ስብሰባ ላይ እንዲናገር ጋበዘው። ግሪጎሪ ተናግሮ ሊመለስ ነበር የሄደው። እዚያ ግን በትግሉ ምክንያት የታሰረ፣ እሱ እስር ቤት ሳለም ሚስቱ የሞተችበት አንድ ሽማግሌ ሲናገር ሰማ። ያ ንግግር ከልቡ አልወጣለትም።

በዚያው ክረምት በሚሲሲፒ ለፍሎር በሚባለው አውራጃ የነጮቹ አስተዳደር ከፌዴራል መንግሥት ለድሆች የሚሰጠውን የእርዳታ እህል አቆመ። ጥቁሮቹ ድምፅ ለመስጠት ለመመዝገብ በመሞከራቸው የተሰጠ ቅጣት መሆኑን ሁሉም ያውቃል። ወደ 22 ሺህ የሚጠጋ ሰው፣ አብዛኛው የጥጥ እርሻ ሠራተኛ፣ በክረምት ምግብ አጣ። ረሃብን እንደ ፖለቲካ መሣሪያ መጠቀም ምን ማለት እንደሆነ ለኢትዮጵያ አንባቢ ማብራራት አያስፈልግም። በፌብሩዋሪ 1963 ግሪጎሪ አውሮፕላን ተከራይቶ 14 ሺህ ፓውንድ፣ ማለትም ከ60 ኩንታል በላይ ምግብ ጭኖ ወረደ። ራሱም እያወረደ አከፋፈለ። የአውራጃው ጉዳይ በመላው አገሪቱ ጋዜጣ ላይ የወጣው ለታራቢዎቹ ተብሎ ሳይሆን ታዋቂው ቀልደኛ ስለመጣ ነበር። እሱም ይህንን ያውቅ ነበር፤ ዝናውን ያመጣውም ለዚሁ ነው።

1963 ከባድ ዓመት ሆነበት። በሜይ ወር በበርሚንግሃም፣ አላባማ ከሕፃናት ሰልፈኞች ጋር ታስሮ እስር ቤት ውስጥ ተደበደበ። በዚያው ሰሞን ስሙን የሰጠው ሕፃን ልጁ ሞተ። ጁን 12 ቀን ጋባዡ ሜድጋር ኤቨርስ በገዛ ቤቱ ደጃፍ በጥይት ተገደለ። ባለቤቱ ሊሊያን ደግሞ በዚያው ዓመት ሰልማ ውስጥ፣ መንታ ልጆች አርግዛ ሳለች፣ ታሰረች። በ1964 ሦስት ወጣት የመብት ሠራተኞች ሚሲሲፒ ውስጥ ሲጠፉ ግሪጎሪ ደርሶ ባለሥልጣናቱን ፊት ለፊት ጠየቀ። መረጃ ለሚሰጥም 25 ሺህ ዶላር ወሮታ አቀረበ። የልጆቹ አስከሬን ከ44 ቀናት በኋላ ከአንድ ግድብ አፈር ሥር ተገኘ። በ1965 በሎስ አንጀለስ የዋትስ ሰፈር ሁከት ሲነሳ ሊያረጋጋ ገብቶ እግሩን በጥይት ተመታ። ያን ጊዜም መሬት ላይ ሆኖ አልተኛም፤ እኔን መታችሁኛል፣ በቃ አሁን ወደየቤታችሁ ግቡ እያለ ወደ ሕዝቡ መራመዱን ቀጠለ።

ዋጋውን ማስላት ቀላል ነው። የምሽት ክበብ ባለቤት አርቲስት የሚቀጥረው ቅዳሜ ማታ መድረክ ላይ እንዲገኝለት ነው። ግሪጎሪ ቅዳሜ ማታ እስር ቤት ሊሆን ይችላል። ውሎች ይሰረዙ ጀመር። እሱም ቀልዱን ሲያሾል ሄደ፤ ስለ ቬትናም ጦርነት፣ ስለ ፖሊስ፣ ስለ ረሃብ። በ1967 በቺካጎ ከንቲባነት፣ በ1968 ደግሞ በፕሬዚዳንትነት ተወዳደረ። የራሱ ፎቶ ያለበትን የዶላር አምሳያ የቅስቀሳ ወረቀት ሲያሳትም መንግሥት ሐሰተኛ ገንዘብ ነው ብሎ ወረሰበት። ያገኘው ድምፅ ከ47 ሺህ ጥቂት ያለፈ ነው። በዚያው ዓመት የኤፍ.ቢ.አይ. ኃላፊው ኤድጋር ሁቨር ለቺካጎ ቢሮው የጻፈው ትእዛዝ ከዓመታት በኋላ ይፋ ሲወጣ ብዙዎችን አስደነገጠ። ግሪጎሪ ስለ ማፊያ የተናገረውን ለማፊያዎቹ በማቀበል እነሱ እንዲነሱበት የሚደረግበት መንገድ እንዲታሰብ የሚያዝ ነበር። አንድ መንግሥት በአንድ ቀልደኛ ላይ ወንበዴ ሊያስነሳ ማሰቡ ቀልድ ምን ያህል እንደሚከብድ ያሳያል።

ከዚያ በኋላ መሣሪያው አፉ ብቻ ሳይሆን ሆዱም ሆነ። ጾም ጀመረ። በ1968 ለአሜሪካ ቀደምት ሕዝቦች የአሳ ማስገር መብት ሲል ታስሮ ጾመ። በ1971 የቬትናም ጦርነት እስኪያበቃ ጠጣር ምግብ አልበላም ብሎ ማለ። ወፍራም የነበረው ሰው እንደ እንጨት ቀጠነ። በ1973 ጢስና አልኮል ባለበት ቤት አልሠራም ብሎ የምሽት ክበቦችን ጭራሽ ተወ። ቤተሰቡን ይዞ ማሳቹሴትስ ውስጥ እርሻ ገባ። በ1976 ስለ ረሃብ ለማሳሰብ ከሎስ አንጀለስ እስከ ኒው ዮርክ ሮጠ። በ1980 የአሜሪካ ታጋቾች እንዲፈቱ ለመጾም ቴህራን ሄደ። በ1980ዎቹ የክብደት መቀነሻ ዱቄት ሸጦ ብዙ ገንዘብ አገኘ። ንግዱ ግን ከሸሪኮቹ ጋር በተነሳ ጠብ ፈረሰና በኋላ እርሻውን እስከማጣት ደረሰ።

የዚህ ሰው ታሪክ ሲተረክ ሁለት ነገር መሸፋፈን የለበትም። አንደኛው ቤቱ ነው። ከሊሊያን ጋር አሥራ አንድ ልጆች ወልደዋል፤ አሥሩን ያሳደገችው በአብዛኛው እሷ ናት። እሱ አገር ሲዞር ቤቱን የያዘችው፣ ስትጠየቅም እስር ቤት የገባችው እሷ ናት። የግሪጎሪን ጀግንነት የሚያወድስ ሁሉ ግማሹን ለሊሊያን ሳይቆርስ ቢያልፍ ሒሳቡ አይዘጋም።

ሁለተኛው ጥርጣሬው ነው። በ1975 የኬኔዲን ግድያ የሚያሳየው ፊልም ለመጀመሪያ ጊዜ በአገር አቀፍ ቴሌቪዥን ለሕዝብ ሲቀርብ ከአቅራቢዎቹ አንዱ እሱ ነበር። ያ ጥያቄ ተገቢ ነበር። የማርቲን ሉተር ኪንግን ግድያም መርምሮ መጽሐፍ ጻፈ። እያደር ግን ያልተጠራጠረው ነገር አልቀረም፤ ማስረጃ ያለውና የሌለው ሴራ በአንድ ድምፅ ይነገር ጀመር። መንግሥት በእርግጥ ያሴረበት ሰው ሁሉን ሴራ ቢያይ አይፈረድበትም ሊባል ይችላል። ይህ ግን ሌላ ትምህርት አለው። መንግሥት በዜጋው ላይ በስውር ሲዶልት የሚያበላሸው አንድን ሰው ብቻ አይደለም፤ እውነትና ወሬ የሚለዩበትን ወንፊት ጭምር ይቀድዳል። ዛሬ በየስልኩ የሚፈሰውን ወሬ ለሚያይ ይህ የሩቅ አገር ታሪክ አይደለም።

ግሪጎሪ በ1990ዎቹ አጋማሽ ወደ መድረክ ተመለሰ። ካንሰር ታመመ፤ አገገመም። እስከ መጨረሻው ዓመቱ ድረስ እየቀለደ ኖሮ ኦገስት 19 ቀን 2017 በዋሽንግተን ዲሲ በ84 ዓመቱ አረፈ።

እና ከሰረ ወይስ አተረፈ? በገንዘብ ካየነው መልሱ አጭር ነው። እሱ የከፈተውን በር አልፈው የገቡት ሚሊዮኖች ሠሩ፤ እሱ የሠራውን አጣ። "ቢቀልድ ኖሮ የበለጠ ይጠቅም ነበር" የሚሉም አልጠፉም። ክርክሩ ውኃ ያነሳል፤ መድረክ ላይ ቢቆይ በየሳምንቱ ሚሊዮኖችን ማግኘት ይችል ነበርና። ነገር ግን የለፍሎር ገበሬዎች በዚያ ክረምት የቸገራቸው ስለ ረሃባቸው የሚቀልድላቸው ሰው አልነበረም። ዱቄት ነበር።

በእኛም አገር አዝማሪው በሰምና ወርቅ ጌታውን እየወጋ ሲያስቅ ኖሯል። ዛሬም ቀልደኛ ሲናገር "አንተ አሳቀን እንጂ ፖለቲካ ውስጥ ምን አገባህ?" የሚለው አለ፤ ዝም ሲል ደግሞ "ሕዝብ ሲያለቅስ ይቀልዳል" የሚለው አለ። ግሪጎሪ ለዚህ ጥያቄ መልስ የሰጠው በቃል አይደለም። ሳቁ ያመጣለትን ዝናና ገንዘብ አውሮፕላን ላይ ጭኖ ሚሲሲፒ አወረደው። ቀልደኛ ሁሉ እንዲህ ያድርግ ማለት አይቻልም፤ ትከሻው ሁሉ አንድ አይደለም። ጭብጨባ ግን ብድር መሆኑን የገባው ሰው ነበር፤ ብድሩንም እስከ መጨረሻው ሲከፍል ኖረ።