የሆስፒስ ሂሳብ፤ ወላጅ በሚታመምበት ቤት ሊታወቅ የሚገባው

በአሜሪካ በሚኖሩ ኢትዮጵያውያን ቤተሰቦች ዘንድ ሐኪሙ ‹‹ሆስፒስ›› የሚለውን ቃል ሲያነሳ ቤቱ ዝም ይላል፡፡ ቃሉ መርዶ ይመስላል፡፡ ልጆች እርስ በርስ ይተያያሉ፣ እናት እንዳትሰማ ወደ ኮሪደር ይወጣል፣ በአማርኛ የሚነገራትም ‹‹ነርስ ቤት ድረስ እየመጣች ታይሻለች›› የሚለው ብቻ ይሆናል፡፡ እኔ የሆስፒስ የክፍያ ጥያቄዎችን በማዘጋጀትና ለበሽታዎች ኮድ በመስጠት ሥራ ላይ ስለሆንኩ ይህ ዝምታ በኋላ በወረቀት ላይ ምን ሆኖ እንደሚመጣ አውቀዋለሁ፡፡ የሆስፒስ ሂሳብ እንደ ሌላው ሕክምና በምርመራና በቀዶ ጥገና ብዛት አይሰላም፡፡ የሚቆመው በፊርማ፣ በቀን ቁጥርና በነርስ ማስታወሻ ላይ ነው፡፡

ከመነሻው እንጀምር፡፡ ሆስፒስ የሚድን በሽታን ለማዳን ሳይሆን የማይድን በሽታ የያዘውን ሰው ሕመሙን እያስታገሱ ለማስታመም የተዘጋጀ አገልግሎት ነው፡፡ ብዙዎች ሕንፃ ይመስላቸዋል፤ ነገር ግን አብዛኛው አገልግሎት የሚሰጠው ታማሚው በሚኖርበት ቤት ነው፡፡ የአሜሪካ ኮንግረስ በሜዲኬር ውስጥ እንዲካተት የወሰነው እ.ኤ.አ. በ1982 ሲሆን፣ ክፍያው በ1983 ተጀምሮ በ1986 ቋሚ ሆኗል፡፡ ሜዲኬር እንዲከፍል የሆስፒሱ ሐኪም፣ ታማሚው የራሱ መደበኛ ሐኪም ካለውም እርሱ ጭምር፣ በሽታው በተለመደው አካሄዱ ከቀጠለ የታማሚው ቀሪ ዕድሜ 6 ወር ወይም ከዚያ በታች እንደሚሆን በፊርማቸው ማረጋገጥ አለባቸው፡፡

ይህ የ6 ወር ነገር ብዙ ሰው ያስደነግጣል፡፡ ግምት ነው እንጂ ቀን ቆረጣ አይደለም፡፡ ሽፋኑ መጀመሪያ 90 ቀን፣ ቀጥሎ ሌላ 90 ቀን፣ ከዚያ በኋላ በየ60 ቀኑ እየታደሰ ያለ ገደብ ይቀጥላል፡፡ ከሦስተኛው ጊዜ ጀምሮ ግን የሆስፒሱ ሐኪም ወይም ናርስ ፕራክቲሽነር እድሳቱ ከመድረሱ በፊት ባሉት 30 ቀናት ውስጥ ታማሚውን ማየት አለበት፡፡ ይህ ደንብ ከ2011 ጀምሮ ይሠራል፡፡ ጉብኝቱ ካልተደረገ ታማሚው የቱንም ያህል ቢዳከም የክፍያው ጥያቄ ውድቅ ነው፡፡ ታማሚው ከተሻለው ደግሞ ከሆስፒስ ይወጣል፣ ሲብስበት ተመልሶ መግባት ይችላል፡፡

አሁን ወደ ዝምታው ልመለስ፡፡ ታማሚው ወይም ሕጋዊ ወኪሉ የሚፈርመው የምርጫ ቅጽ አለ፡፡ ቅጹ ሕክምናው ለማዳን ሳይሆን ለማስታገስ መሆኑን ፈራሚው በሚገባ እንደተረዳ ይገልጻል፡፡ ለገዳዩ በሽታና ከእርሱ ጋር ለተያያዙ ሕመሞች ሜዲኬር ከሆስፒሱ ውጭ እንደማይከፍልም በዚያው ላይ ተጽፏል፡፡ ወኪል የሚፈርመው ታማሚው በአካል ወይም በአእምሮ ሁኔታው ራሱ መወሰን ሲያቅተው ነው፡፡ እንግዲህ ሙሉ አእምሮ ያላቸው እናት ስለ በሽታቸው ሳይነገራቸው፣ ልጅ ግማሹን እየዘለለ እየተረጎመላቸው ቢፈርሙ ያ ፊርማ ምን ማለት ነው? ባህላችን መጥፎ ወሬ ለታማሚ በድንገት አይነግርም፤ ይህን አልነቅፍም፡፡ ነገር ግን ልጅ አስተርጓሚ መሆን የለበትም ባይ ነኝ፡፡ የፌዴራል ገንዘብ የሚቀበል የሕክምና ተቋም አስተርጓሚ በነፃ የማቅረብ ግዴታ ስላለበት ‹‹የአማርኛ አስተርጓሚ እፈልጋለሁ›› ማለት ይበቃል፡፡ እግረ መንገዴን፣ ሆስፒስ ለመግባት ‹‹ልቤ ቢቆም እንዳትቀሰቅሱኝ›› የሚለውን ወረቀት መፈረም ግዴታ አይደለም፡፡ ‹‹ካልፈረማችሁ አንቀበልም›› የሚል ሠራተኛ ካጋጠመ ተሳስቷል፡፡

ቅጹ ከተፈረመ በኋላ የእኛ ሰዓት መቁጠር ይጀምራል፡፡ ሆስፒሱ ታማሚው ከገባበት ቀን በኋላ ባሉት 5 ቀናት ውስጥ የምርጫ ማስታወቂያውን ለሜዲኬር መላክ አለበት፤ እሑድና በዓልም ይቆጠራሉ፡፡ በሂሳብ ቅጹ ላይ ዓይነቱ 81ኤ፣ ሆስፒሱ የሆስፒታል አካል ከሆነ 82ኤ ተብሎ ይጻፋል፡፡ ከዘገየ ማስታወቂያው እስኪደርስ ያሉት ቀናት አይከፈሉም፡፡ ኪሳራው የሆስፒሱ እንጂ የቤተሰቡ አይደለምና በዚህ ሰበብ ሂሳብ ቢላክላችሁ አትክፈሉ፡፡

ክፍያው የቀን ክፍያ ነው፡፡ ነርሷ በሳምንት አንድ ጊዜ ብትመጣም አምስት ጊዜ ብትመጣም ለሆስፒሱ የሚከፈለው የቀኑ መነሻ ዋጋ አንድ ነው፡፡ በውስጡ ነርስ፣ ሐኪም፣ አጣቢና ረዳት፣ ሶሻል ወርከር፣ ቻፕሊን፣ የሆስፒታል አልጋ፣ ኦክስጅን፣ ዳይፐርና ከበሽታው ጋር የተያያዘ መድኃኒት ሁሉ አለ፡፡ ታማሚው ለማስታገሻ መድኃኒት ቢጠየቅ በአንድ ማዘዣ ከ5 ዶላር አይበልጥም፡፡ የንስሐ አባት መጥተው ቢያቆርቡ ግን ይህ ከሂሳቡ ውጭ ነው፣ ማንም አይጠይቅበትም፡፡

የቀኑ ዋጋ በአራት ደረጃዎች ይለያያል፡፡ እያንዳንዱም የራሱ የገቢ ኮድ አለው፡፡ በ0651 የሚሞላው መደበኛ የቤት እንክብካቤ ሲሆን አብዛኛው ቀን በዚህ ያልፋል፡፡ ከ2016 ጀምሮ ይህ ደረጃ ሁለት ዋጋ አለው፤ የመጀመሪያዎቹ 60 ቀናት ከፍ ያለ፣ ከ61ኛው ቀን ጀምሮ ዝቅ ያለ፡፡ ከኦክቶበር 2023 እስከ ሴፕቴምበር 2024 በነበረው የበጀት ዓመት በአገር አቀፍ ደረጃ 218 እና 172 ዶላር ገደማ ነበር፤ እንደየከተማው የደመወዝ መጠን ይስተካከላል፡፡ በመጨረሻዎቹ 7 ቀናት ደግሞ ነርስ ወይም ሶሻል ወርከር በአካል ለቆየበት ሰዓት ተጨማሪ ክፍያ አለ፤ በቀን እስከ 4 ሰዓት ድረስ፡፡ ሕግ አውጪው በዚያ ሳምንት ነርስ ቤት እንድትገኝ የፈለገ ይመስለኛል፤ መልካም አድርጓል፡፡

0652 ተከታታይ የቤት እንክብካቤ ነው፡፡ ትንፋሽ ሲያጥር፣ ሕመሙ በተለመደው ሞርፊን አልበርድ ሲል፣ ታማሚው ሲቃዥና ሲታገል ነርስ ቤት ውስጥ የምትቀመጥበት ደረጃ ነው፡፡ ከእኩለ ሌሊት እስከ እኩለ ሌሊት ባለው ቀን ውስጥ ቢያንስ 8 ሰዓት መሙላት፣ ከግማሽ በላዩም የነርስ ሥራ መሆን አለበት፡፡ በየ15 ደቂቃው ይቆጠራል፡፡ በተጠቀሰው ዓመት ሙሉ 24 ሰዓቱ 1,565 ዶላር ገደማ ነበር፡፡ እዚህ ላይ የነርሷ ማስታወሻ ሁሉም ነገር ነው፡፡ ‹‹ታማሚው ምቾት አለው፣ ቤተሰብ አጠገቡ ነው›› ተብሎ ከተጻፈ ሌሊቱን ሙሉ ሲያቃስት ቢያድርም ያ ቀን 0651 ሆኖ ይወርዳል፡፡ ቤተሰብ በእንግዳ ተቀባይነት ‹‹ደህና ነው፣ ተመስገን›› እያለ ለነርሷ ሲመልስ የሚጎዳው ታማሚው ነው፡፡ ሌሊት ስንት ጊዜ ነቃ፣ መድኃኒት ስንት ጊዜ ተሰጠው፣ በስንት ደቂቃ አበረደለት የሚለውን ይንገራት፡፡

0655 የአስታማሚ ዕረፍት ነው፡፡ ብዙ ቤተሰብ መኖሩን አያውቅም፡፡ ቀን ሥራ ውላ ማታ እናቷን የምታስታምም ልጅ ስትደክም ታማሚዋ በአንድ ጊዜ እስከ 5 ተከታታይ ቀናት በሆስፒታል ወይም በነርሲንግ ሆም ትቀመጣለች፤ ቤተሰቡ የሚጠየቀው የክፍያውን 5 በመቶ ነው፡፡ እኛ ዘንድ እናትን ለሌላ ሰው መስጠት ነውር ስለሚመስል አይጠየቅም፡፡ እኔ በዚህ አልስማማም፡፡ 0656 ቤት ውስጥ ሊቆጣጠሩት ያልተቻለ ሕመም ሲኖር ተኝቶ መታከም ነው፡፡

በነርሲንግ ሆም ለሚኖር ሰው ግን ሜዲኬር ለሆስፒሱ እንጂ ለአልጋና ለምግብ አይከፍልም፡፡

የበሽታ ኮድ አሰጣጥን በተመለከተ ከኦክቶበር 2015 ጀምሮ አይሲዲ-10 የተባለው መዝገብ ያገለግላል፡፡ ከዚያ አንድ ዓመት ቀደም ብሎ በ2014 ሥራ ላይ የዋለው ደንብ ‹‹መዳከም›› እና ‹‹ሰውነት አልቀበል ማለት›› እንደ ዋና በሽታ እንዳይጻፉ ከልክሏል፡፡ ዕድሜያቸው የገፋ አባት ከሰውነት ሲወጡ ‹‹እርጅና ነው›› ማለት ለእኛ በቂ ነው፤ ለሂሳቡ ግን የልብ ድካም፣ የኩላሊት መድከም፣ አልዛይመር የሚል ስም ያስፈልጋል፡፡ በአልዛይመር መርሳት የመጣበት ከሆነ መጀመሪያ ጂ30 ከዚያ ኤፍ02 ይጻፋል፤ ከተገለበጠ ወረቀቱ ይመለሳል፡፡ ዜድ51.5 የሚለው የማስታገሻ ሕክምና ኮድ በብዛት የሚታየው ታማሚው ሆስፒታል ሲተኛ ከዋናው በሽታ ቀጥሎ ነው፡፡

ከሁሉ የከፋው ድንጋጤ የሚመጣው በአምቡላንስ ነው፡፡ ታማሚው ሌሊት ሲብስበት ልጅ 911 ይደውላል፡፡ ድንገተኛ ክፍሉ ለዚያው ለተፈረመበት በሽታ ካከመው፣ ሆስፒሱም ካላመቻቸው፣ ሜዲኬር ላይከፍልና ሙሉ ሂሳቡ ለቤተሰብ ሊመጣ ይችላል፡፡ መጀመሪያ መደወል ያለበት ለሆስፒሱ ነው፤ 24 ሰዓት የሚያነሳ ነርስ እንዲኖረው ይገደዳል፡፡ ካንሰር ያለባት እናት ወድቃ እጇ ቢሰበር ግን ያ ከካንሰሩ ጋር ካልተያያዘ ሜዲኬር እንደ ወትሮው ይከፍላል፤ ሐኪሙ በሂሳቡ ላይ ጂደብሊው የሚል ምልክት ያክላል፡፡ ጂቪ የሚባለው ደግሞ የሆስፒሱ ሠራተኛ ያልሆነ መደበኛ ሐኪም ለዚያው በሽታ ሲያያት ነው፡፡ ሁለቱን ማምታታት ሂሳቡን ያስመልሳል፡፡ ከኦክቶበር 2020 ወዲህ ሆስፒሱ ‹‹አይያያዝም›› ብሎ የማይሸፍነውን መድኃኒትና አገልግሎት ዝርዝር ቤተሰብ በጽሑፍ መጠየቅ ይችላል፤ ይጠይቅ፡፡

በልጅ ስፖንሰርነት የመጡ ወላጆች ጉዳይ ለብቻው ነው፡፡ ሆስፒስ የሚሸፈነው በሜዲኬር ፓርት ኤ ነው፡፡ ይህን ያለ ወርሃዊ ክፍያ ለማግኘት ራስ ወይም የትዳር ጓደኛ በአሜሪካ 10 ዓመት ያህል ሠርቶ ግብር መክፈል አለበት፡፡ ግሪን ካርድ ይዘው 5 ዓመት የኖሩና 65 የሞላቸው መግዛት ይችላሉ፤ ነገር ግን ውድ ስለሆነ ፓርት ቢን ብቻ የያዙ አሉ፡፡ ካርዱ ላይ ‹‹ፓርት ኤ›› ከሌለ ብዙውን ጊዜ መንገዱ ሜዲኬይድ ነው፡፡

ገና ኬሞ የሚወስድ ሰው ሆስፒስ ሳይገባ ፓሊየቲቭ ኬር ማግኘት ይችላል፤ የ6 ወር ግምት አይጠየቅም፡፡ ይህ እንደ ተራ የሐኪም ጉብኝት በፓርት ቢ ይከፈላል፣ ተጨማሪ ኢንሹራንስ ከሌለ 20 በመቶው የታማሚው ነው፡፡ ስለ ወደፊቱ ሕክምና ከሐኪም ጋር ቁጭ ብሎ ለመነጋገርም ከ2016 ጀምሮ 99497 የሚባል ኮድ አለ፡፡ በቤታችን የማይነሳውን ወሬ ለማንሳት ለሐኪም ይከፈለዋል ማለት ነው፡፡

አንድ ማስጠንቀቂያ ይቀራል፡፡ ዳይፐርና የቤት ጽዳት በነፃ እንሰጣለን እያሉ የአረጋውያንን የሜዲኬር ቁጥር የሚሰበስቡ አሉ፡፡ ሰውዬው ሳያውቅ ሆስፒስ ውስጥ ይመዘገባል፤ ለልቡ ወይም ለስኳሩ ሐኪም ዘንድ ሲሄድ ሜዲኬር አልከፍልም ይላል፡፡ መንግሥት በ2023 በአሪዞና፣ በካሊፎርኒያ፣ በኔቫዳና በቴክሳስ አዲስ በሚከፈቱ ሆስፒሶች ላይ የተለየ ቁጥጥር ጀምሯል፡፡ ሜዲኬር የሚልከው የሂሳብ መግለጫ ላይ ያልጠሩት ሆስፒስ ከታየ በ1-800-633-4227 ይደወላል፤ በአማርኛ አስተርጓሚ መጠየቅ ይቻላል፡፡ ፈርሞ የገባ ሰው መውጣት ከፈለገ ደግሞ በማንኛውም ቀን በጽሑፍ መሻር ይችላል፡፡ ስረዛው የሚጸናው ከተፈረመበት ቀን ወዲህ ስለሆነ ግን ትናንት ለተደረገ ሕክምና አያገለግልም፡፡