ኢየሩሳሌም በሦስቱ ሃይማኖቶች ዘንድ፤ የቅድስናዋ ምንጭና የይዞታዋ ክርክር

ኢየሩሳሌም በአይሁድ፣ በክርስቲያኖችና በሙስሊሞች ዘንድ የተቀደሰች ከተማ መሆንዋ የታወቀ ነው። ነገር ግን አቀማመጥዋን ብቻ የተመለከተ ሰው ይህን ያህል የተፈለገችበትን ምክንያት አያገኝም። ወደብ የላትም፤ ታላቅ ወንዝ አያልፍባትም፤ የጥንት ነዋሪዎችዋም በዋናነት ውኃ ይቀዱ የነበረው ግዮን ከሚባለው ምንጭ ነበር። እንግዲህ ነገሥታት የተዋጉላት ከሀብትዋ ይልቅ ስለ ቅድስናዋ ነው ማለት ይቻላል። ብዙ ሰዎች ጠቡ የመጣው ሦስቱ ሃይማኖቶች ስለሚለያዩ ነው ይላሉ። የታሪኩ ምስክርነት ግን ወደ ሌላ አሳብ ይመራናል። ይኸውም ሦስቱ የተጣሉት ከሚለያዩበት ይልቅ በሚጋሩት ነገር ነው፤ በከተማዪቱ ሰላም የሰፈነውም ያሸነፈው ወገን የተሸነፈውን መብት ባወቀለት ጊዜ ነው። ይህን አሳብ ከዚህ በታች በአጭሩ ለማስረዳት እሞክራለሁ። የሚጠቀሱት ዓመቶች ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ከሁሉ አስቀድሞ የእስራኤልን ታሪክ እንመልከት። መጽሐፍ ቅዱስ እንደሚተርከው፣ ንጉሥ ዳዊት ከተማዪቱን ከኢያቡሳውያን እጅ ወሰዳት፤ የታሪክ ሊቃውንትም ይህን ዘመን ከልደተ ክርስቶስ በፊት ወደ 1000 ዓመት ገደማ ያደርጉታል። ብዙዎች እንደሚሉት ዳዊት ለመናገሻ የመረጣት በአንዱም የእስራኤል ነገድ እጅ ስላልነበረችና ለሁሉም የጋራ ልትሆን ስለምትችል ነው። ልጁ ሰሎሞን የሠራውን ቤተ መቅደስ ባቢሎናውያን ከልደተ ክርስቶስ በፊት በ586 ዓመት አፈረሱት። ከምርኮ በኋላ የታነጸውን ሁለተኛውን ደግሞ ሮማዊው ቲቶ በ70 ዓ.ም. አቃጠለው። ዛሬ አይሁድ የሚጸልዩበት ምዕራባዊው ግንብ የቤተ መቅደሱ ግድግዳ ሳይሆን፣ ሄሮድስ ያስፋፋውን የመቅደስ ኮረብታ ደግፎ የያዘ ግንብ ነው። ይሁን እንጂ መቅደሱ ቢጠፋም አይሁድ በያሉበት አገር ፊታቸውን ወደ ኢየሩሳሌም መልሰው ከመጸለይ አልተዉም። በአገራችንም ቤተ እስራኤል የስግድን በዓል ሲያከብሩ ወደ ኢየሩሳሌም ዞረው ይጸልዩ ነበር።

ለክርስቲያኖች ከተማዪቱ ጌታ የተሰቀለባትና ከሙታን የተነሣባት ናት። ንጉሠ ነገሥት ሐድሪያን ከተማዪቱን ኤልያ ካፒቶሊና ብሎ የሮማውያን ከተማ አድርጎ ሠራት፤ በ135 የአይሁድ ዐመፅ ከተደመሰሰ በኋላም አይሁድ እንዳይገቡባት ከለከለ። ከዚያም ቆስጠንጢኖስ በጎልጎታ ያሠራው ቤተ ክርስቲያን በ335 ተመረቀ። ክርስቲያኖቹ ነገሥታት ጎልጎታን ሲያከብሩ፣ የመቅደሱን ኮረብታ ፍርስራሽ እንደ ሆነ ተዉት። ስመ ጥርነትዋም እስከ እኛ አገር ደርሷል፤ በላሊበላ ጎልጎታና ዮርዳኖስ የሚባሉ ስፍራዎች መኖራቸው ለዚህ ምስክር ነው።

በእስልምናም ዘንድ ከተማዪቱ አል ቁድስ፣ ማለትም ቅድስቲቱ ትባላለች። የመጀመሪያዎቹ ሙስሊሞች በ624 ወደ መካ እስኪዞሩ ድረስ ይሰግዱ የነበረው ወደ እርስዋ ነበር፤ የነቢዩ ሙሐመድ የሌሊት ጉዞና ዕርገትም ከእርስዋ ጋር ይያያዛል። ፓትርያርኩ ሶፍሮንዮስ ከተማዪቱን በ638 ገደማ ለሙስሊሞች ባስረከበ ጊዜ፣ ኸሊፋው ዑመር በጎልጎታው ቤተ ክርስቲያን ውስጥ መስገድን እምቢ አሉ ይባላል። ምክንያታቸውም ተከታዮቻቸው በኋላ ስፍራውን መስጊድ ለማድረግ ምክንያት እንዳያገኙ ነው። ታሪኩ የተጻፈው ዘግይቶ ቢሆንም፣ የኋላው ትውልድ ምን ዓይነት ገዢ ጻድቅ ነው ብሎ ያስብ እንደ ነበረ ያሳያል። ኸሊፋው ዐብዱል መሊክ በ691 ገደማ በመቅደሱ ኮረብታ ላይ ያሠራው የዓለቱ ጉልላት በውስጡ ስለ መርየም ልጅ ስለ ዒሳ የሚናገር ጽሑፍ አለው፤ ነቢይነቱን ያከብራል፣ የሥላሴን ትምህርት ግን ይቃወማል።

ከዚህ የምንረዳው፣ እያንዳንዱ ሃይማኖት መብቱን የሚያስረዳው ከእርሱ በፊት የነበረውን ቅድስና በመቀበል መሆኑን ነው። ክርስቲያን የዳዊትን ከተማ ትቶ ጎልጎታን ሊተረጕም አይችልም፤ ሙስሊምም የቀደሙትን ነቢያት ትቶ የአቅሷን ክብር አያስረዳም። የአንድ አባት ልጆች በርስት ድንበር እንደሚካሰሱ፣ እነዚህም የሚካሰሱት ርስቱ አንድ ስለ ሆነ ነው።

የጉልበት ውጤት ምን እንደ ሆነ ታሪክ በግልጥ ይናገራል። በ1009 የፋጢማውያን ኸሊፋ አል ሐኪም የጎልጎታውን ቤተ ክርስቲያን አስፈረሰ። በ1099 የመስቀል ጦረኞች ገብተው ሙስሊሞችንና አይሁድን ፈጁ፤ የዓለቱንም ጉልላት ቤተ ክርስቲያን አደረጉት። በ1187 ሰላሐዲን ከተማዪቱን ሲይዝ ግን ነዋሪዎቹ ቤዛ ከፍለው እንዲወጡ ፈቀደ፤ ምንም እንኳ ቤዛ ያጡ ብዙዎች በባርነት ቢወሰዱ፣ የጎልጎታውን ቤተ ክርስቲያን አላፈረሰም። በ1229 ደግሞ ንጉሠ ነገሥት ፍሬድሪክ 2ኛና ሱልጣን አል ካሚል ያለ ጦርነት ተዋዋሉ። ከተማዪቱ ለክርስቲያኖች ስትሰጥ የመቅደሱ ኮረብታ በሙስሊሞች እጅ ቀረ። ሁለቱም ገዢዎች ስለዚህ ውል ከየወገናቸው ብርቱ ነቀፌታ ደረሰባቸው።

በኋላም በቅዱሳት መካናት የተነሣው የክርስቲያኖች የእርስ በርስ ክርክር ስለ በዛ፣ የቱርክ ሱልጣን በ1852 ባወጣው አዋጅ እያንዳንዱ ወገን በያዘው ስፍራ እንዲጸና ወሰነ። የ1878ቱ የበርሊን ውልም ይህንኑ አጸደቀ። በዚህ ነባር ይዞታ ደንብ መሠረት አንዱ ወገን ያለ ሌላው ፈቃድ መሰላል እንኳ ከቦታው አያነሣም። የጎልጎታውን ቤተ ክርስቲያን በር ቁልፍ የሚጠብቁትና የሚከፍቱትም ሁለት የሙስሊም ቤተሰቦች ናቸው።

ይሁን እንጂ ይህ ደንብ የሚጠይቀው ማን እንደ ያዘ እንጂ ለማን እንደሚገባ አይደለም። ለዚህ ከሁሉ የሚቀርበን ምሳሌ፣ በዚሁ ቤተ ክርስቲያን ጣራ ላይ የሚገኘው የዴር ሡልጣን ገዳማችን ነው። በ1838 ቸነፈር ኢትዮጵያውያኑ መነኮሳት ካለቁ በኋላ፣ የገዳሙ ቁልፍ በግብጻውያን እጅ ሆኖ ለብዙ ዘመን ቆየ። በ1961 የዮርዳኖስ መንግሥት ለኢትዮጵያውያን ከወሰነ በኋላ ብዙም ሳይቆይ ውሳኔውን አገደው። በ1970 በትንሣኤ በዓል ሌሊት መነኮሳቱ የበሮቹን ቁልፍ ለውጠው ያዙ። በ1971 የእስራኤል ከፍተኛ ፍርድ ቤት ቁልፉ ለግብጻውያን እንዲመለስ ሲፈርድ፣ የባለ መብትነቱን ጉዳይ ለመንግሥት ተወው፤ መንግሥቱም እስከ ዛሬ የመጨረሻ እልባት አልሰጠውም። ጥቂት መነኮሳት በጠባብ ጎጆዎች እየኖሩ ስፍራውን የማይለቁት፣ በዚያች ከተማ አንድ ቀን መልቀቅ የዘመናት መብትን ሊያሳጣ እንደሚችል ስለሚያውቁ ነው።

የተባበሩት መንግሥታት በ1947 ከተማዪቱ በዓለም አቀፍ አስተዳደር ሥር እንድትሆን ያቀረበው አሳብ አልተፈጸመም። በ1948 ለሁለት ተከፈለች፤ በ1967 እስራኤል ምሥራቁን ክፍል በጦርነት ስትይዝ የመቅደሱን ኮረብታ አስተዳደር ለሙስሊሞች ወቅፍ ተወች። በ2000 አሪኤል ሻሮን ኮረብታውን በጎበኙ ማግስት የተነሣው ሁከት ግን የተለመደው ሥርዓት የተነካ ሲመስል እንኳ ምን እንደሚከተል አሳየ።

እንግዲህ ነባሩ ልማድ ለከተማዪቱ ሰላምን እንጂ ፍትሕን አላስገኘላትም። ልማዱ ቢፈርስ የ1099 ዓይነት ቀን ይመጣል ብሎ መስጋት ተገቢ ነው፤ ልማዱ ሳይመረመር ቢቀር ደግሞ በቸነፈር ያለቁት መነኮሳት ወራሾች ለዘለዓለም ባለ ዕዳ ሆነው ይቀራሉ። ስለ ኢየሩሳሌም የሚከራከር ሁሉ፣ ከሦስቱ ከየትኛውም ወገን ቢሆን፣ «የማን ናት?» ብሎ ከመጠየቁ በፊት፣ እርሱ የሚጸልይበትን ስፍራ ከእርሱ በፊት ማን እንደ ቀደሰው ቢመረምር መልካም ይመስለኛል።