ርልዬህ

ርልዬህ አሜሪካዊው ደራሲ ኤች. ፒ. ላቭክራፍት (1890–1937 እ.ኤ.አ.) የፈጠራት፣ በደቡብ ፓስፊክ ውቅያኖስ ሥር የሰጠመች ምናባዊ ከተማ ናት። በድርሰቱ መሠረት ከተማይቱ ክቱሉ የሚባለው ግዙፍ ፍጡር እያለመ የተኛባት መቃብርና እስር ቤት ናት። ዋናው መግለጫዋ የሚገኘው «የክቱሉ ጥሪ» በተባለው አጭር ልብ ወለድ ነው። ላቭክራፍት ይህን ድርሰት በ1926 እ.ኤ.አ. ጽፎ ለዊርድ ቴልስ መጽሔት ሲያቀርብ አዘጋጁ መጀመሪያ አልተቀበለውም ነበር፤ በኋላ ግን በፌብሩዋሪ 1928 እ.ኤ.አ. ታተመ።

አቀማመጥ

ደራሲው ለከተማይቱ ትክክለኛ የካርታ ነጥብ ሰጥቷታል፦ 47°9′ ደቡብ ኬክሮስና 126°43′ ምዕራብ ኬንትሮስ። ቦታው በኒው ዚላንድና በደቡብ አሜሪካ መካከል፣ ደሴት በሌለበት ሰፊ ባሕር ላይ ይውላል። የላቭክራፍትን ፈለግ የተከተለው ደራሲ ኦገስት ደርለት በራሱ ድርሰት ትንሽ የተለየ ነጥብ ተጠቅሟል።

መልክ

ርልዬህ ከሰው ልጅ በፊት ከከዋክብት በመጡ ፍጡራን የተሠራች ናት። ግንቦቿ በጭቃና በባሕር አረም ከተሸፈነ አረንጓዴ ድንጋይ የተካቡ ሲሆኑ መጠናቸው ለሰው የሚሆን አይደለም።

የሚያስፈራው ግን ከትልቅነቷ ይልቅ ቅርጿ ነው። በትምህርት ቤት የምንማረው የኤውክሊድ ጂኦሜትሪ በዚያ አይሠራም። ወጣ ብሎ የታየ ድንጋይ ደግመው ሲያዩት የጎደጎደ ይሆናል፤ የታላቁ መቃብር በር ጋደም ያለ ይሁን ያዘመመ መለየት አይቻልም። ከኤውክሊድ የተለየ ጂኦሜትሪ በራሱ ምትሃት አይደለም። ለምሳሌ በሉል ላይ የተሣለ ሦስት ማዕዘን የማዕዘኖቹ ድምር ከ180° ይበልጣል። ላቭክራፍት ይህን የሒሳብ ሐሳብ የተጠቀመበት የሰው አእምሮ ሊይዘው የማይችለውን ስፍራ ለማመልከት ነው።

በድርሰቱ ውስጥ ያላት ታሪክ

በልብ ወለዱ ፌብሩዋሪ 28 ቀን 1925 እ.ኤ.አ. የምድር መንቀጥቀጥ ይሆናል። ከዚያ በኋላ በልዩ ልዩ አገሮች ያሉ ሠዓሊዎችና ገጣሚዎች ስለ አንዲት ግዙፍ ከተማ ሕልም ማየት ይጀምራሉ። ዊልኮክስ የተባለ ወጣት ቀራጺም ያየውን ፍጡር በሸክላ ይቀርጻል።

ማርች 23 ቀን ዮሃንሰን የተባለ ኖርዌያዊ መርከበኛ ከሰባት ባልደረቦቹ ጋር በካርታ ላይ ወደሌለ ደሴት ይደርሳል። ደሴቱ ከባሕር ብቅ ያለው የከተማይቱ ጫፍ ብቻ ነበር። ሰዎቹ የመቃብሩን በር ሲነካኩ በሩ ይከፈትና ክቱሉ ይወጣል። ሦስቱን ፍጡሩ ጠርጎ ይወስዳቸዋል፤ ሁለቱ በድንጋጤ ይሞታሉ፤ አንዱን ደግሞ ሹል መስሎ እንደ ዝርጥ የሆነ ማዕዘን ይውጠዋል። ወደ መርከቡ የተመለሱት ዮሃንሰንና አንድ ጓደኛው ብቻ ናቸው። ዮሃንሰን መርከቡን አዙሮ የሚያሳድደውን ፍጡር ይገጨዋል፤ የፈረሰው አካል ግን ወዲያው ተመልሶ ይገጣጠማል። ጓደኛውም አብዶ ይሞታል።

ኤፕሪል 2 ቀን ማዕበል ይነሣል፤ ሕልሞቹም በዚያው ቀን ያቆማሉ። ከዚህም ተራኪው ከተማይቱ እንደገና መስጠሟን ይረዳል።

የአደጋው ምንነት

በብዙ የባሕር ተረቶች አደጋው ራሱ ውኃው ነው። በርልዬህ ታሪክ ግን ውቅያኖሱ የሰው ልጅ ጠባቂ ሆኖ ይገኛል፤ ክቱሉ በሐሳቡ ወደ ሰዎች ሕልም እንዳይገባ የሚከለክለው ጥልቁ ውኃ ነውና። ከተማይቱ የምትነሣው ከዋክብት በተወሰነ ቦታ ሲሰለፉ እንደሆነ አምላኪዎቹ ያምናሉ። በ1925ቱ መነሣት ዓለም የዳነችው በሰው ጀግንነት ሳይሆን ከተማይቱ በመስጠሟ ብቻ ነው። ተራኪውም የሰጠመ ዳግመኛ ሊነሣ እንደሚችል ስለሚያውቅ እፎይታ አያገኝም።

ከእውነተኛው ዓለም ጋር ያላት ግንኙነት

በ1992 እ.ኤ.አ. ህርቮየ ሉካቴላ የተባለ የቅየሳ መሐንዲስ በውቅያኖሶች ውስጥ ከየብስ ሁሉ የራቀውን ነጥብ በኮምፒዩተር አስልቶ አገኘ። ይህም «ኔሞ ነጥብ» ይባላል፤ ከቅርቡ ደሴት 2,688 ኪ.ሜ. ገደማ ይርቃል። ላቭክራፍት ከሰጠው ነጥብ ጋር ያለው ርቀት ግን ወደ 310 ኪ.ሜ. ብቻ ነው። ደራሲው ከስሌቱ 55 ዓመት ቀድሞ ስለሞተ ነጥቡን ሊያውቅ አይችልም ነበር፤ ካርታው ላይ ባዶ የሆነውን ባሕር መምረጡ ግን መቀራረቡን ያስረዳል።

በ1997 እ.ኤ.አ. የአሜሪካ የውቅያኖስና የከባቢ አየር አስተዳደር መሣሪያዎች በደቡብ ፓስፊክ «ብሉፕ» የተባለ ኃይለኛ ድምፅ ቀረጹ። አንዳንድ አንባቢዎች ከክቱሉ ጋር አያያዙት። ሆኖም የድምፁ ግምታዊ ምንጭ ከርልዬህ ነጥብ ወደ 2,000 ኪ.ሜ. በስተ ምሥራቅ ሲሆን ሳይንቲስቶች በኋላ የግዙፍ በረዶ መሰንጠቅ ድምፅ መሆኑን አስረድተዋል።