መንግሥቱ ወርቁ

መንግሥቱ ወርቁ (1932 ዓ.ም. – ታኅሣሥ 2003 ዓ.ም.) የቅዱስ ጊዮርጊስ ስፖርት ክለብና የኢትዮጵያ ብሔራዊ ቡድን አጥቂ፣ በኋላም የብሔራዊ ቡድኑ አሰልጣኝ ነበር። ኢትዮጵያ ብቸኛውን የአፍሪካ ዋንጫዋን ባነሳችበት በ1954 ዓ.ም. ውድድር ከግብፁ ባዳዊ አብዱል ፈታህ ጋር እኩል 3 ግቦች አስቆጥሮ የውድድሩ ከፍተኛ ግብ አስቆጣሪ ሆኗል። በተሳተፈባቸው የአፍሪካ ዋንጫ ውድድሮች በድምሩ 10 ግቦች ያሉት ሲሆን፣ በዚህ መድረክ ከእርሱ የበለጠ ያስቆጠረ ኢትዮጵያዊ የለም።

== የመጀመሪያ ሕይወትና የክለብ ዘመን ==

መንግሥቱ የተወለደው በጎንደር ነው። በእግር ኳስ የታወቀው ግን በአዲስ አበባ፣ በ1928 ዓ.ም. በተመሠረተው የቅዱስ ጊዮርጊስ ክለብ ነው። ክለቡ ቀደም ሲል ይድነቃቸው ተሰማን ያፈራ ነበር። ይድነቃቸው ለረጅም ዓመታት ለቅዱስ ጊዮርጊስ ከተጫወቱ በኋላ የብሔራዊ ቡድኑ አሰልጣኝ፣ ከ1964 ዓ.ም. ጀምሮ እስከ ሕልፈታቸው ድረስ ደግሞ የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽን ፕሬዚዳንት ሆነው ሠርተዋል። የመንግሥቱ ትልቁ ድል የተገኘውም በእርሳቸው አሰልጣኝነት ነው።

በዚያን ጊዜ የአገሪቱ ጠንካራ ክለቦች በሦስት ከተሞች የተሰባሰቡ ነበሩ፤ አዲስ አበባ፣ አስመራና ድሬዳዋ። የብሔራዊ ቡድኑ ተጫዋቾችም በአብዛኛው ከእነዚሁ ከተሞች ይመረጡ ነበር። የ1954ቱ ቡድን አምበል ሉቺያኖ ቫሳሎና ወንድሙ ኢታሎ ቫሳሎ የአስመራ ተወላጆች ሲሆኑ፣ መንግሥቱ የአዲስ አበባውን እግር ኳስ ከሚወክሉት አንዱ ነበር።

== ከ1954 ዓ.ም. በፊት የነበረው ሁኔታ ==

ኢትዮጵያ ከግብፅ፣ ከሱዳንና ከደቡብ አፍሪካ ጋር የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽን መሥራች ናት። በመጀመሪያዎቹ ሁለት የአፍሪካ ዋንጫዎች ግን ውጤቷ ደካማ ነበር። በ1949 ዓ.ም. ካርቱም ላይ ደቡብ አፍሪካ ነጮችንና ጥቁሮችን በአንድ ቡድን አላሰልፍም በማለቷ ከውድድሩ ስትወጣ፣ ተጋጣሚዋ የነበረችው ኢትዮጵያ ሳትጫወት ለፍጻሜ አለፈች። በፍጻሜውም በግብፅ 4 ለ 0 ተሸነፈች። በ1951 ዓ.ም. ካይሮ ላይ ደግሞ በተባበረው ዓረብ ሪፐብሊክ (በግብፅ) 4 ለ 0፣ በሱዳን 1 ለ 0 ተረትታለች።

ስለዚህ ሦስተኛው ውድድር አዲስ አበባ ላይ ሲከፈት ኢትዮጵያ በአፍሪካ ዋንጫ ሦስት ጨዋታ አድርጋ 9 ግብ ተቆጥሮባታል፤ እርሷ ግን አንድም ግብ አላስቆጠረችም ነበር።

== የ1954 ዓ.ም. የአፍሪካ ዋንጫ ==

በውድድሩ የተካፈሉት አራት አገሮች ነበሩ፤ አስተናጋጇ ኢትዮጵያ፣ ቱኒዚያ፣ ዩጋንዳና የዋንጫው ባለቤት የተባበረው ዓረብ ሪፐብሊክ። የምድብ ጨዋታ ስላልነበረ ዋንጫውን ለማንሳት ሁለት ጨዋታ ማሸነፍ ይበቃ ነበር።

ኢትዮጵያ ጥር 6 ቀን 1954 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. ጃንዋሪ 14 ቀን 1962) በግማሽ ፍጻሜው ቱኒዚያን 4 ለ 2 አሸነፈች። በአፍሪካ ዋንጫ ታሪክ የመጀመሪያዎቹ የኢትዮጵያ ግቦች በዚህ ጨዋታ የተቆጠሩት ናቸው።

ፍጻሜው የተካሄደው ጥር 13 ቀን 1954 ዓ.ም. በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ስታዲየም፣ በዛሬው አዲስ አበባ ስታዲየም ነበር። ባዳዊ በ35ኛው ደቂቃ ግብፅን መሪ አደረገ። ኢትዮጵያ በ74ኛው ደቂቃ አቻ ብትሆንም ባዳዊ ከአንድ ደቂቃ በኋላ ሁለተኛውን አስቆጠረ። ኢትዮጵያ መደበኛው ሰዓት ሊያልቅ ስድስት ደቂቃ ሲቀረው እንደገና አቻ ሆነችና ጨዋታው ወደ ተጨማሪ ሰዓት አመራ። በ101ኛው ደቂቃ ኢታሎ ቫሳሎ ቡድኑን ለመጀመሪያ ጊዜ መሪ አደረገ። በ117ኛው ደቂቃ መንግሥቱ ወርቁ አራተኛውን አገባና ውጤቱ 4 ለ 2 ሆኖ ተጠናቀቀ። ዋንጫውን ለአምበሉ ለሉቺያኖ ቫሳሎ ያስረከቡት ንጉሠ ነገሥቱ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ነበሩ።

ኢትዮጵያ በሁለቱ ጨዋታዎች ካስቆጠረቻቸው 8 ግቦች 3ቱ የመንግሥቱ ናቸው። የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ሥራ የጀመረው በ1957 ዓ.ም. በመሆኑ ድሉን በስታዲየሙ ያልተገኘው ሕዝብ በቤቱ ሆኖ በቴሌቪዥን የመመልከት ዕድል አልነበረውም።

== በኋለኞቹ ውድድሮች ==

በኅዳር 1956 ዓ.ም. ጋና ባስተናገደችው ውድድር ኢትዮጵያ በጋና 2 ለ 0 ብትሸነፍም ቱኒዚያን እንደገና 4 ለ 2 ረታለች። በዚህም ምክንያት በአፍሪካ ዋንጫ ያገኘቻቸው የመጀመሪያዎቹ ሦስት ድሎች በሙሉ በአንድ ዓይነት ውጤት የተመዘገቡ ናቸው። ለሦስተኛ ደረጃ በተደረገው ጨዋታ በግብፅ 3 ለ 0 ተሸንፋ አራተኛ ሆናለች። በ1958 ዓ.ም. ቱኒዚያ ላይ ግን ሁለቱንም ጨዋታዎቿን ተሸንፋ ከምድቧ ሳታልፍ ቀርታለች።

ቡድኑ ለሁለተኛው ዋንጫ ተስፋ የጣለው በጥር 1960 ዓ.ም. ነበር። ውድድሩ በአዲስ አበባና በአስመራ ሲካሄድ የተሳታፊዎቹ ቁጥር ወደ ስምንት አድጎ ነበር። ኢትዮጵያ ዩጋንዳን 2 ለ 1፣ አይቮሪኮስትን 1 ለ 0፣ አልጄሪያን 3 ለ 1 በማሸነፍ ምድቧን በሙሉ ድል ጨረሰች። በግማሽ ፍጻሜው ግን በኮንጎ ኪንሻሳ በተጨማሪ ሰዓት 3 ለ 2 ተረታች። ኮንጎ ኪንሻሳ ጋናን 1 ለ 0 አሸንፋ ዋንጫውን ስትወስድ፣ ኢትዮጵያ በደረጃ ጨዋታው በአይቮሪኮስት 1 ለ 0 ተሸንፋ አራተኛ ሆነች። ኢትዮጵያ ከዚያ ወዲህ ለአፍሪካ ዋንጫ ግማሽ ፍጻሜ ደርሳ አታውቅም።

== የ10 ግቦቹ ክብደት ==

በአፍሪካ ዋንጫ ታሪክ ከፍተኛ ግብ አስቆጣሪ የካሜሩኑ ሳሙኤል ኤቶ በ18 ግቦች ነው። ከእርሱ በፊት ክብረ ወሰኑን ለረጅም ዓመታት ይዞ የቆየው የአይቮሪኮስቱ ሎራን ፖኩ 14፣ የግብፁ ሐሰን ኤል ሻዝሊ 12 ግቦች አሏቸው። መንግሥቱ በ10 ግቦች ከዛየሩ ንዳዬ ሙላምባና ከዛምቢያው ካሉሻ ብዋልያ ጋር እኩል ነው።

ቁጥሩን ለመመዘን የውድድሩን ቅርጽ ማሰብ ይገባል። ዛሬ 24 ቡድኖች ይካፈላሉ፤ ለፍጻሜ የሚደርስ ቡድን 7 ጨዋታ ያደርጋል። በመንግሥቱ ዘመን ግን ዋንጫ ያነሳው ቡድን ሁለት ጨዋታ ብቻ የተጫወተበት ጊዜ ነበር፤ ስምንት ቡድኖች በተካፈሉበት በ1960 ዓ.ም. እንኳ ከፍተኛው የጨዋታ ቁጥር አምስት ነው።

== አሰልጣኝነት ==

መንግሥቱ መጫወት ካቆመ በኋላ በአሰልጣኝነት ቀጥሎ ብሔራዊ ቡድኑን በመጋቢት 1974 ዓ.ም. ሊቢያ ባስተናገደችው የአፍሪካ ዋንጫ መርቷል። ቡድኑ የተመደበው የዋንጫው ባለቤት ከነበረችው ናይጄሪያ፣ ከአልጄሪያና ከዛምቢያ ጋር ነበር። በናይጄሪያ 3 ለ 0፣ በዛምቢያ 1 ለ 0 ሲሸነፍ ከአልጄሪያ ጋር 0 ለ 0 ተለያይቷል። ያ የአልጄሪያ ቡድን ከጥቂት ወራት በኋላ በስፔኑ የዓለም ዋንጫ ምዕራብ ጀርመንን 2 ለ 1 አሸንፎ ዓለምን ያስደነቀ ነው።

የአገሪቱ ቀዳሚ ግብ አስቆጣሪ የመራው ቡድን በሦስቱ ጨዋታዎች አንድም ግብ ሳያስቆጥር ተመልሷል። ኢትዮጵያ ከዚያ በኋላ ለ31 ዓመታት ከአፍሪካ ዋንጫ ርቃለች።

== ሕልፈትና ከእርሱ በኋላ የተቆጠሩ ግቦች ==

መንግሥቱ ወርቁ በታኅሣሥ 2003 ዓ.ም. አረፈ። ሁለት ዓመት ሳይሞላ፣ ጥቅምት 4 ቀን 2005 ዓ.ም. ኢትዮጵያ አዲስ አበባ ላይ ሱዳንን በአዳነ ግርማና በሳላዲን ሰኢድ ግቦች 2 ለ 0 አሸነፈች። በመጀመሪያው ጨዋታ 5 ለ 3 ተሸንፋ ስለነበር በደርሶ መልስ ውጤቱ 5 ለ 5 ሆኖ፣ ከሜዳዋ ውጪ ባስቆጠረችው ብልጫ ወደ አፍሪካ ዋንጫ ተመለሰች።

የመጀመሪያ ጨዋታዋ በደቡብ አፍሪካ ከዋንጫው ባለቤት ከዛምቢያ ጋር ነበር። ኢትዮጵያ ግብ ጠባቂዋ በቀይ ካርድ ወጥቶባት በ10 ተጫዋቾች እየተጫወተች አዳነ ግርማ ባገባው ግብ 1 ለ 1 ወጣች። ግቡ ኢትዮጵያ ከ1968 ዓ.ም. ወዲህ በአፍሪካ ዋንጫ ያስቆጠረችው የመጀመሪያው ሲሆን፣ ቀኑም ጥር 13 ቀን 2005 ዓ.ም. ነበር፤ መንግሥቱ በፍጻሜው አራተኛውን ግብ ካገባ ልክ 51 ዓመት ሲሞላ።

በጥር 2014 ዓ.ም. ካሜሩን ባስተናገደችው ውድድር ኢትዮጵያ ሁለት ግቦች አስቆጥራለች። አንዱን ዳዋ ሆቴሳ በአዘጋጇ 4 ለ 1 በተሸነፉበት ጨዋታ፣ ሌላውን ጌታነህ ከበደ ጥር 9 ቀን ከቡርኪና ፋሶ ጋር 1 ለ 1 በወጡበት ጨዋታ በፍፁም ቅጣት ምት አስቆጥረዋል። ጌታነህ የዲላ ተወላጅ ሲሆን በዚያን ጊዜ ይጫወት የነበረው ለወልቂጤ ከተማ ነው። የጉራጌ ዞን ዋና ከተማ ክለብ የሆነው ወልቂጤ ከተማ በፕሪሚየር ሊጉ መጫወት የጀመረው በ2012 ዓ.ም. ነው። በመንግሥቱ ዘመን በሦስት ከተሞች ተወስኖ የነበረው የብሔራዊ ቡድን ምርጫ ወልቂጤን ወደመሳሰሉ የዞን ከተሞች መስፋቱን ይህ ግብ ያሳያል።

የሜዳው ስፋት ግን በግብ ቁጥር አልተተካም። ኢትዮጵያ በ2005 እና በ2014 ዓ.ም. ባደረገቻቸው ስድስት ጨዋታዎች በድምሩ ያስቆጠረችው 3 ግብ ነው፤ መንግሥቱ ወርቁ በ1954 ዓ.ም. በሁለት ጨዋታ ብቻውን ያስቆጠረውን ያህል።